ሎግ ኢን እምቢ ሲላችሁ፦ ፓስዎርድ ከመቀየራችሁ በፊት የሚደረግ

ፓስዎርዱ ልክ ነው። ትናንት ማታ በዚሁ ገብታችኋል። ዛሬ ግን ገጹ ቀይ ጽሑፍ እያሳየ ይመልሳችኋል። ቀስ ብላችሁ፣ ፊደል በፊደል እየቆጠራችሁ ደግማችሁ ትጽፋላችሁ። አሁንም እምቢ። አራተኛው ሙከራ ላይ እጃችሁ ሳታስቡት «ፓስዎርድ ረስተዋል?» ወደሚለው ይሄዳል።

እዚያ ላይ እጃችሁን ያዝ አድርጉ።

ይህን የምለው ደርሶብኝ ነው። አንድ ጊዜ ስልኬ ባትሪው አልቆ ለቀናት ተዘግቶ ከረመ። ስከፍተው ሰዓቱ በደቂቃዎች ወደኋላ ቀርቶ ነበር። እኔ ግን ልብ አላልኩትም። ከፓስዎርዱ ቀጥሎ ለሁለተኛ ማረጋገጫ ኮድ የሚያወጣው አፕ የሚሰጠኝን ስድስት አኃዝ ሳስገባ ድረ ገጹ አልቀበልም አለ። የፓስዎርዱ ችግር መስሎኝ ቀየርኩት። አሁንም እምቢ። ደግሜ ቀየርኩት። በመጨረሻ «ብዙ ጊዜ ሞክረዋል» ተብሎ አካውንቴ ለአንድ ቀን ሙሉ ተቆለፈ። የሥራ ፋይሎቼ በሙሉ እዚያ ውስጥ ነበሩ። መፍትሔው የስልኩን ሰዓት «አውቶማቲክ» ላይ ማድረግ ብቻ ነበር።

ከዚያ ወዲህ አንድ ነገር አጥብቄ እይዛለሁ። መጀመሪያ ችግሩ ያለበትን ቦታ ለዩ፣ ከዚያ በኋላ ብቻ ንኩ። ሎግ ኢን የሚሰናከለው ወይ የጻፋችሁት ላይ ነው፣ ወይ መሣሪያችሁ ላይ፣ ወይ ኢንተርኔቱ ላይ፣ ወይ ድረ ገጹ ላይ፣ ወይ ደግሞ አካውንታችሁ ላይ። ፓስዎርድ መቀየር የሚፈታው ከእነዚህ ጥቂቱን ነው። ሳያስፈልግ ሲደረግ ደግሞ አዲስ ችግር ይጨምራል።

ደረጃ 1፦ ገጹ ምን እንዳለ አንብቡ

ብዙ ሰው «አልገባም አለኝ» ይላል እንጂ ገጹ ምን እንዳለው አያስታውስም። ጽሑፉን ከመዝጋታችሁ በፊት ስክሪንሹት አንሱ። ቃሉ በራሱ ግማሹን መንገድ ያሳያል።

«ፓስዎርድ ወይም የተጠቃሚ ስም ተሳስቷል» ካለ፣ ድረ ገጹ መልእክታችሁን ተቀብሎ፣ አይቶ፣ አልተስማማም ማለት ነው። ኢንተርኔታችሁ ደህና ነው፤ ድረ ገጹም እየሠራ ነው። ችግሩ ያለው የጻፋችሁት ወይም አካውንቱ ላይ ነው።

ምንም ስህተት ሳይናገር መልሶ ባዶውን የመግቢያ ገጽ ካሳያችሁ ነገሩ ሌላ ነው። ይህ አብዛኛውን ጊዜ የኩኪ ችግር ነው። ድረ ገጹ «ግቡ» ብሏችኋል፣ ብሮውዘሩ ግን የመግቢያ ምልክቱን፣ ማለትም ኩኪውን፣ አልያዘም። ገጹ ከአንዱ ወደ ሌላው እየዞረ መጨረሻ ላይ «ቱ ሜኒ ሪዳይሬክትስ» የሚል ጽሑፍ ሲወጣም የመጀመሪያው ተጠርጣሪ ይኸው ኩኪ ነው።

«ግንኙነትዎ የግል አይደለም» የሚል ማስጠንቀቂያ ሲመጣ ከፓስዎርድ ጋር ምንም አያገናኘውም። ወይ የመሣሪያችሁ ቀን ተሳስቷል፣ ወይ የተያያዛችሁበት ዋይፋይ የራሱን የመግቢያ ገጽ ሊያሳያችሁ እየሞከረ ነው፣ ወይ ድረ ገጹ እውነተኛነቱን የሚያሳይበትን የደህንነት ሰርተፍኬት ሳያሳድስ ቀርቷል፣ ወይ በመካከል የገባ አለ። ቀኑን አስተካክላችሁም ካልጠፋ ማስጠንቀቂያውን አልፋችሁ ፓስዎርድ አታስገቡ። በዚህ ጉዳይ ላይ መቻቻል የለኝም።

ቁጥር ከወጣ ደግሞ ቁጥሩን ያዙ። 401 ማንነታችሁ አልተረጋገጠም ማለት ነው። 403 ማለት ደግሞ ድረ ገጹ ጥያቄያችሁን አውቆ ከልክሏል፤ ቪፒኤን ከከፈታችሁ መጀመሪያ እሱን ዝጉ። 429 ብዙ ጊዜ ስለሞከራችሁ ቆዩ ማለት ነው። በደጋገማችሁት ቁጥር ቅጣቱ ሊረዝም ስለሚችል እጃችሁን ሰብስባችሁ ጠብቁ። በ5 የሚጀምሩት፣ ማለትም 500፣ 502፣ 503 እና 504፣ የእነሱ የሰርቨር ችግሮች ናቸው። እናንተ ምንም አታድርጉ።

ደረጃ 2፦ በሌላ መሣሪያ ሞክሩ

ከዚህ ጽሑፍ አንድ ነገር ብቻ የምትወስዱ ከሆነ ይህን ውሰዱ። ሁለት ደቂቃ ይፈጃል፤ ግን የሰዓታት ልፋት ያድናል።

በመጀመሪያ፣ እምቢ ባላችሁ መሣሪያ ላይ የግል መስኮት ክፈቱ። በክሮም እና በኤጅ ኮንትሮል፣ ሺፍት እና ኤንን አንድ ላይ መጫን ነው። በፋየርፎክስ በኤን ፈንታ ፒ ይሆናል። ማክ ላይ በኮንትሮል ፈንታ ኮማንድ ትጫናላችሁ። ስልክ ላይ ከብሮውዘሩ ሜኑ «ኢንኮግኒቶ» ወይም «ፕራይቬት» የሚለውን ታገኛላችሁ። ይህ መስኮት የድሮ ኩኪዎችን አያይም፤ ኤክስቴንሽኖችንም (ብሮውዘሩ ላይ የሚጨመሩ ትናንሽ ፕሮግራሞችን) አብዛኛውን ጊዜ አይጭንም። እዚያ ከገባላችሁ ፓስዎርዳችሁም አካውንታችሁም ጤነኛ ነው። ችግሩ ኩኪ ወይም ኤክስቴንሽን ነው። ወደ ደረጃ 4 ሂዱ።

ካልገባ፣ ስልካችሁን ከዋይፋይ አውጡና በሞባይል ዳታ ሞክሩ። አሁን መሣሪያውም ኢንተርኔቱም ተቀየረ ማለት ነው። እዚህ ከሠራ ስልኩን ወደ ዋይፋዩ መልሱና እንደገና ሞክሩ። በዋይፋይም ከሠራ ጥፋተኛው የመጀመሪያው መሣሪያ ነው። በዋይፋይ ካቃተው ጥፋተኛው ዋይፋዩ ነው። የትም ካልሠራ ወይ ድረ ገጹ ወድቋል፣ ወይ አካውንቱ ተነክቷል፣ ወይ ደግሞ የምትጽፉት ነገር ተሳስቷል።

ድረ ገጽ ይወድቃል፤ ትልልቆቹም ይወድቃሉ። እ.ኤ.አ. ጥቅምት 4 ቀን 2021 ፌስቡክ፣ ኢንስታግራም እና ዋትስአፕ ለስድስት ሰዓት ያህል ከኢንተርኔት ጠፍተው ነበር። የጉዳቱ ስፋት ከዚያም ያልፋል። «በፌስቡክ ግባ» የሚለውን ቁልፍ ይጠቀሙ የነበሩ ሰዎች ከፌስቡክ ውጭ ባሉ ድረ ገጾችና ጌሞችም መግባት አቃታቸው። የፕሌይስቴሽን ኔትወርክ እ.ኤ.አ. በየካቲት 2025 ለአንድ ቀን ገደማ ተቋርጧል። እ.ኤ.አ. በ2011 ደግሞ ሰርቨሮቹ በሰርጎ ገቦች ተጠልፈው ለ23 ቀናት ያህል ተዘግቶ ነበር። ያኔ የ77 ሚሊዮን ገደማ አካውንቶች መረጃ ለአደጋ ተጋልጧል። እንዲህ ባለ ቀን ፓስዎርድ መቀየር፣ አፕ አጥፍቶ መጫን፣ ኮንሶሉን ማጽዳት ሁሉ ከንቱ ድካም ነው። ፕሌይስቴሽን፣ ኤክስቦክስ እና ኒንቴንዶ ሰርቨሮቻቸው በምን ሁኔታ ላይ እንዳሉ የሚያሳይ ገጽ አላቸው። መጀመሪያ እሱን ተመልከቱ።

ደረጃ 3፦ የጻፋችሁትን በዓይናችሁ እዩ

የፓስዎርድ ሳጥን ነጠብጣብ ብቻ ስለሚያሳይ ስህተቱ አይታይም። ዳር ላይ ያለችውን የዓይን ምልክት ንኩና ፊደሎቹን ግለጡ። ዓይኗ ከሌለች ፓስዎርዱን በሚታይ ቦታ ላይ፣ ለምሳሌ ባዶ ማስታወሻ ላይ ጽፋችሁ እዩት፤ ከዚያ አጥፉት።

የሚገኙት ስህተቶች ሁልጊዜ ተመሳሳይ ናቸው። ካፕስ ሎክ በርቷል። ኪቦርዱ በሌላ ቋንቋ ላይ ቀርቷል። ሁለት ቋንቋ ለምንጽፍ ሰዎች ይህ በጣም የተለመደ ነው። ስልኩ የመጀመሪያዋን ፊደል በራሱ ትልቅ አድርጓታል። ዜሮና «ኦ» ተምታተዋል። ከሌላ ቦታ ኮፒ ስታደርጉ መጨረሻው ላይ የማትታይ ክፍት ቦታ አብራ ተለጥፋለች። ስልክ ኢሜላችሁን በራሱ ሲሞላ ከኋላው ክፍት ቦታ ሊተው ይችላል። አንዳንድ ድረ ገጽ ያቺን ክፍት ቦታ በራሱ ያነሳል፣ ሌላው ግን «እንዲህ ያለ አካውንት የለም» ይላችኋል።

ብሮውዘሩ ያስቀመጠው ፓስዎርድም ያሳስታል። ከወራት በፊት ቀይራችሁ ከሆነ አሮጌውን እየሞላላችሁ ሊሆን ይችላል። በራሱ የሞላውን አጥፉና በእጃችሁ ጻፉ።

አሁን ብዙ ሰው ወደሚወድቅበት ጉድጓድ ልምጣ። አካውንቱን ስትከፍቱ ፓስዎርድ አውጥታችሁ ነበር? ወይስ «በጉግል ግባ»፣ «በፌስቡክ ግባ» ወይም «በአፕል ግባ» የሚለውን ነክታችሁ ነበር? በእነዚህ ቁልፎች የተከፈተ አካውንት ብዙውን ጊዜ የራሱ ፓስዎርድ የለውም። ስለዚህ የምትጽፉት ፓስዎርድ ሁሉ ስህተት ይሆናል። በአንጻሩ፣ ድሮ በኢሜል ተመዝግባችሁ ዛሬ «በጉግል ግባ» ብትነኩ ሁለተኛ ባዶ አካውንት ሊከፈትላችሁ ይችላል። ገብታችኋል፤ ግን ዕቃችሁ ሁሉ የለም። ሰው ይህን ሲያይ መረጃው የጠፋ ይመስለውና ይደነግጣል። አልጠፋም፤ ሌላኛው በር ጋ ነው ያለው። አፕል ላይ ደግሞ ኢሜላችሁን ደብቃችሁ ተመዝግባችሁ ከሆነ ድረ ገጹ የሚያውቃችሁ አፕል በፈጠረው ሌላ አድራሻ ነው። የራሳችሁን ኢሜል ብትሰጡት አያውቃችሁም። ኢሜላችሁ ውስጥ የድረ ገጹን ስም ፈልጉና የመጀመሪያውን «እንኳን ደህና መጡ» መልእክት አግኙ። በየትኛው አድራሻ እንደተመዘገባችሁ እሱ ይነግራችኋል።

ደረጃ 4፦ ኮምፒውተር ላይ

ኩኪ ምን እንደሆነ ካወቃችሁ ከዚህ በኋላ ያለው ቀላል ነው። ድረ ገጽ በተፈጥሮው የማስታወስ ችሎታ የለውም። ገጽ በከፈታችሁ ቁጥር እንደ አዲስ እንግዳ ነው የሚያያችሁ። ይህን ለመፍታት የኔትስኬፕ ባልደረባ የነበረው ሉ ሞንቱሊ እ.ኤ.አ. በ1994 ኩኪን ፈጠረ። ፓስዎርዳችሁ ልክ ሲሆን ድረ ገጹ አንዲት ምልክት ይሰጣችኋል። ብሮውዘሩ ያቺን ምልክት ይዞ በየገጹ ያሳያል። ወደ አዳራሽ ስትገቡ እጃችሁ ላይ እንደሚደረግ ማኅተም ቁጠሩት። ማኅተሙ ካረጀ ወይም ከተበላሸ በር ላይ ያለው ሰው አያስገባችሁም፤ ትኬት ብትቆርጡም።

ስለዚህ የዚያን ድረ ገጽ ኩኪ ብቻ አጥፉ። ክሮም ላይ ከአድራሻው በስተግራ ያለችውን ትንሽ ምልክት ንኩ፤ ስለ ኩኪና ስለ ድረ ገጹ ዳታ የሚለውን ክፈቱ፤ ከዚያ ሰርዙ። ገጹን ዘግታችሁ እንደገና ክፈቱ። ኤጅና ፋየርፎክስም ተቀራራቢ ናቸው። ብዙ መመሪያ «ሁሉንም ሂስትሪና ኩኪ አጽዱ» ይላል። እኔ አልመክርም። ያን ካደረጋችሁ ከገባችሁበት ድረ ገጽ ሁሉ ትወጣላችሁ፤ የሁሉም ፓስዎርድ ደግሞ ትዝ ላይላችሁ ይችላል። የግድ ሁሉን ማጽዳት ካለባችሁም «ፓስዎርድስ» የሚለው ሳጥን ላይ ምልክት እንደሌለ አረጋግጡ።

ኩኪውን አጥፍታችሁም ካልሆነ ኤክስቴንሽኖችን ተራ በተራ አጥፉ። ማስታወቂያ ከሚያግደው ጀምሩ። «ሮቦት አይደለሁም» የሚለው ሳጥን ጨርሶ ካልመጣ ወይም «ግባ» የሚለው ቁልፍ ሲነካ ምንም ካላደረገ፣ አብዛኛውን ጊዜ ከዚህ ነው የሚመጣው። «በጉግል ግባ» ስትነኩ ትንሿ መስኮት ብቅ ብላ ወዲያው ከጠፋች ፖፕ አፕ ታግዶ እንደሆነ፣ ወይም ብሮውዘሩ የሌላ ድረ ገጽ ኩኪዎችን ሙሉ በሙሉ እየከለከለ እንደሆነ እዩ።

የኮምፒውተሩን ቀንና ሰዓት ተመልከቱ። አሮጌ ኮምፒውተር በከፈታችሁት ቁጥር ቀኑ ዓመታት ወደኋላ የሚመለስ ከሆነ፣ ማዘርቦርዱ ላይ ያለችው ክብ ባትሪ አልቃለች። በብዙዎቹ ላይ ያለችው 2032 የሚል ቁጥር የተጻፈባት ናት። ቀኑ ሲሳሳት የድረ ገጾች ሰርተፍኬት ሁሉ «ጊዜው ያልደረሰ» ወይም «ያለፈበት» ይመስላል።

ብሮውዘሩም ያረጃል። ኢንተርኔት ኤክስፕሎረር እ.ኤ.አ. ሰኔ 15 ቀን 2022 ድጋፉ አብቅቷል። በዊንዶውስ 7 ላይ የሚሠራው የመጨረሻው ክሮም ቁጥር 109 ነው። በእነዚህ ላይ ያላችሁ ከሆነ መግቢያው ገጽ ተሰባብሮ ሊታይ ወይም ቁልፉ ሊሞት ይችላል። ማጽዳት አይረዳም። ያለው መፍትሔ ማሳደግ ነው።

ደረጃ 5፦ ስልክ ላይ

ስልክ ላይ በጣም የተለመደው ወጥመድ ሊንኩን የከፈታችሁበት ቦታ ነው። ከቴሌግራም፣ ከፌስቡክ ወይም ከኢንስታግራም ውስጥ ሊንክ ስትነኩ ገጹ ብዙ ጊዜ የሚከፈተው በአፑ ውስጥ ባለች ትንሽ ብሮውዘር ነው። ክሮም ወይም ሳፋሪ ትመስላለች፤ ግን አይደለችም። ያስቀመጣችኋቸው ፓስዎርዶችና ኩኪዎች እዚያ ላይኖሩ ይችላሉ። ጉግልም እ.ኤ.አ. ከ2021 ወዲህ በእንዲህ ያለች የአፕ ውስጥ ብሮውዘር በኩል «በጉግል ግባ» ማለትን ከልክሏል። 403 የሚል ስህተት ይሰጣችኋል። ምክንያቱ ጥሩ ነው፤ የአፑ ባለቤት የምትጽፉትን ሊያይ ስለሚችል ነው። ጥግ ላይ ያሉትን ሦስት ነጥቦች ንኩና «ብሮውዘር ላይ ክፈት» የሚለውን ምረጡ። ይህን ብቻ አድርገው ችግራቸው የተፈታ ሰዎች ብዙ አይቻለሁ።

ሁለተኛ፣ አፕና ድረ ገጽን አፈራርቃችሁ ሞክሩ። አፑ እምቢ ካለ በብሮውዘር ግቡ፤ ብሮውዘሩ እምቢ ካለ በአፑ። አንዱ ከሠራ አካውንታችሁ ሰላም ነው።

አንድሮይድ ላይ አፕ ለማጽዳት ሴቲንግስ፣ አፕስ፣ ከዚያ አፑን መርጣችሁ «ስቶሬጅ» ትገባላችሁ። እዚያ ሁለት ቁልፎች አሉ፤ ልዩነታቸውን እወቁ። «ክሊር ካሽ» ጊዜያዊ ፋይሎችን ብቻ ያጠፋል፤ ምንም አያስፈራም። «ክሊር ዳታ» ወይም «ክሊር ስቶሬጅ» ግን አፑን ልክ ዛሬ እንደተጫነ ያደርገዋል። መጀመሪያ ካሹን፣ እሱ ካልረዳ ብቻ ዳታውን። አይፎን ላይ ለአፖች እንዲህ ያለ ቁልፍ የለም፤ አጥፍቶ መልሶ መጫን ነው። ለሳፋሪ ግን ሴቲንግስ ውስጥ ሳፋሪን ፈልጉ፤ በአዳዲሶቹ ላይ «አፕስ» ሥር ነው የሚገኘው። ታች ወርዳችሁ «አድቫንስድ»፣ ከዚያ «ዌብሳይት ዳታ» ግቡና የዚያን ድረ ገጽ ብቻ ሰርዙ። እዚያው አካባቢ ሁሉንም ኩኪ የሚያግደው ቁልፍ በርቶ ከሆነ አጥፉት። እሱ በርቶ ሎግ ኢን አይታሰብም።

ኮድ የሚያወጣውን አፕ ግን አጥፍቼ ልጫነው ብላችሁ እንዳትነኩት። በክላውድ ካልተቀመጠ ወይም ወደ ሌላ ስልክ ካልተዛወረ ኮዶቹ አብረው ይጠፋሉ። ያኔ ትንሽ ችግር ትልቅ ይሆናል።

ስለ ኮድ ካነሳን፣ የአፑ ኮድ በየ30 ሰከንዱ ይቀየራል። የሚሰላው ከሚስጥር ቁልፍና ከስልኩ ሰዓት ነው። ስለዚህ ኢንተርኔት ባይኖርም ይሠራል። ሰዓቱ ከተዛባ ግን አይሠራም። ቀንና ሰዓቱን አውቶማቲክ አድርጉ። ኮዱ ሊቀየር ጥቂት ሰከንድ ከቀረው አዲሱን ጠብቃችሁ ጻፉ። በኤስኤምኤስ ለሚመጣው ደግሞ ትዕግሥት ይጠይቃል። «እንደገና ላክ» የሚለውን አምስት ጊዜ ብትነኩ አምስት ኮድ ዘግይቶ፣ ቅደም ተከተሉን ስቶ ይመጣል። ብዙውን ጊዜ የሚሠራው የመጨረሻው ብቻ ነው። አንዴ ንኩና ጥቂት ደቂቃ ጠብቁ። ሁለት ሲም ካላችሁ በትክክለኛው ቁጥር ላይ መሆኑን እዩ። የሜሴጅ አፑ ወደ «ስፓም» ወርውሮት እንደሆነም ፈትሹ።

በጣም አሮጌ ስልክ ካላችሁ አንድ ነገር እወቁ። ድረ ገጾች ሰርተፍኬታቸውን የሚያረጋግጡበት ሥር ሰርተፍኬት መሣሪያው ውስጥ አብሮ የተጫነ ነው፤ እሱም የማብቂያ ቀን አለው። እ.ኤ.አ. መስከረም 30 ቀን 2021 ላይ በብዙ ድረ ገጾች የሚታመን አንድ ሥር ሰርተፍኬት ጊዜው አልቆ ያልታደሱ አሮጌ መሣሪያዎች በአንድ ቀን እልፍ ገጾችን መክፈት አቅቷቸዋል። ያ ከሆነ በስልኩ ላይ ያለው ብሮውዘር ሳይሆን ፋየርፎክስን ጭናችሁ ሞክሩ። ፋየርፎክስ የራሱን የሰርተፍኬት ዝርዝር ይዞ ይመጣል።

ደረጃ 6፦ ጌም ኮንሶል ላይ

ኮንሶል ላይ የምመክረው ከሁሉ የተለየ ነው። አትታገሉት። በመቆጣጠሪያው እየተንቀሳቀሱ ረጅም ፓስዎርድ መጻፍ የስህተት መፈልፈያ ነው። ትላልቅና ትናንሽ ፊደሎች፣ ምልክቶች፣ ሁሉም በተለያየ ገጽ ላይ ናቸው። በዚያ ላይ ኒንቴንዶ ስዊች ላይ ለተጠቃሚ የተከፈተ ብሮውዘር የለም። ፕሌይስቴሽን 5ም ላይ የብሮውዘር አፕ አታገኙም። ፕሌይስቴሽን 4 አለው። ኤክስቦክስ ላይ ኤጅ አለ፤ ከሦስቱ የተሻለውም እሱ ነው።

ስለዚህ ስክሪኑ ላይ የኪውአር ኮድ ወይም አጭር የፊደልና የቁጥር ኮድ ካለ እሱን ምረጡ። ስልካችሁ ኪውአሩን ያነባል፤ ወይም የተባለውን አድራሻ ስልክ ላይ ከፍታችሁ ኮዱን ታስገባላችሁ። ማንነታችሁን የምታረጋግጡት ስልኩ ላይ ነው፤ ኮንሶሉ ግን በራሱ ይገባል። ፓስዎርዱ ኮንሶሉን አይነካም። ኮዱ ጊዜ ስላለው ስልኩን አስቀድማችሁ አዘጋጁ። ኮዱን ማስገባት ያለባችሁ ስክሪኑ ላይ በተጻፈው አድራሻ ብቻ ነው። ሌላ ሰው «ይህን ኮድ አስገባልኝ» ብሎ ቢልክላችሁ ግን የራሱን መሣሪያ በእናንተ አካውንት ሊያስገባ ነውና እምቢ በሉ።

ያ ካልሠራ በቅደም ተከተል እንዲህ አድርጉ።

ኮንሶሉን በእርግጥ አጥፉት። «ሬስት» ወይም «ስሊፕ» ማጥፋት አይደለም። ኤክስቦክስን የፊት ለፊቱን ቁልፍ ለ10 ሰከንድ ያህል ተጭናችሁ ትዘጉታላችሁ። ሌሎቹን ከሜኑ ሙሉ በሙሉ ዝጉ፤ መብራቱ ከጠፋ በኋላ ከሶኬት ንቀሉና አንድ ደቂቃ ጠብቁ።

የኔትወርክ ፍተሻውን አስኪዱ። ሴቲንግስ ውስጥ አለ። ኢንተርኔት ሠርቶ የጌም ኔትወርኩ ብቻ ካልሠራ የሰርቨሩን ሁኔታ ተመልከቱ። በሆቴልና በተማሪዎች ማደሪያ ዋይፋይ ላይ ደግሞ «ተስማምቻለሁ» የሚለውን ገጽ መቀበል ስለሚያስፈልግ ኮንሶሉ ተያይዞም ላይሠራ ይችላል። የስልካችሁን ሆትስፖት ከፍታችሁ በዚያ ብትሞክሩ ወዲያው ይለይላችኋል። በሆትስፖት ከሠራና በቤት ዋይፋይ ካልሠራ፣ ራውተሩን አጥፍታችሁ አብሩ። ከዚያም ካልሆነ በኮንሶሉ የኔትወርክ ሴቲንግ ውስጥ ዲኤንኤሱን (የድረ ገጽ ስምን ወደ ቁጥር አድራሻ የሚቀይረውን) 8.8.8.8 ወይም 1.1.1.1 አድርጉ።

ሲስተሙን አፕዴት አድርጉ። ኮንሶሎች አሮጌ ሶፍትዌር ይዘው ወደ ኔትወርካቸው እንድትገቡ ብዙ ጊዜ አይፈቅዱም።

ችግሩ የኮንሶሉ ብሮውዘር ውስጥ ያለ ድረ ገጽ ከሆነ፣ ፕሌይስቴሽን 4 ላይ ብሮውዘሩን ከፍታችሁ «ኦፕሽንስ» ቁልፍን ተጫኑ፤ ሴቲንግስ ውስጥ ኩኪ የሚሰርዘውን ታገኛላችሁ። ኤክስቦክስ ላይ ኤጅ ውስጥ እንደ ኮምፒውተሩ ነው።

ፕሌይስቴሽን 3 ወይም ቪታ ላይ ከሆናችሁ፣ ሁለተኛ ማረጋገጫ አብርታችሁ ከሆነ፣ ዋናው ፓስዎርድ አይሠራም። እነዚህ መሣሪያዎች ኮድ መጠየቅ አያውቁም። አካውንታችሁን በኮምፒውተር ከፍታችሁ ከደህንነት ገጹ ለመሣሪያ የሚሆን ልዩ ፓስዎርድ አውጡና እሱን አስገቡ።

አንድ ከባድ ማስጠንቀቂያ አለኝ። «ዩዘሩን ላጥፋውና እንደገና ልፍጠረው» አትበሉ። ፕሌይስቴሽን 4 እና ስዊች ላይ ዩዘር ሲጠፋ ኮንሶሉ ላይ የተቀመጡ የጌም ሴቮቹ አብረውት ይጠፋሉ። የልጅ የአንድ ዓመት ጨዋታ በአንድ ንክኪ ሲጠፋ ማየት ያማል። መጀመሪያ ሴቮቹ ክላውድ ላይ መቀመጣቸውን አረጋግጡ።

ደረጃ 7፦ አካውንቱ ራሱ ሲነካ

ሁሉንም አይታችሁ እዚህ ከደረሳችሁ፣ አሁን ፓስዎርድ መቀየር ተገቢ ነው። አንድ ጊዜ ብቻ ጠይቁ። ኢሜሉ ካልመጣ ስፓም ውስጥ ፈልጉ። ብዙ ጊዜ ጠይቃችሁ ከሆነ የመጨረሻውን ሊንክ ብቻ ንኩ፤ የቀደሙት ብዙውን ጊዜ ይሞታሉ። ድረ ገጹ «ኢሜሉ ካለ ልከናል» ብሎ ምንም ካልመጣ፣ ምናልባት የተመዘገባችሁት በሌላ ኢሜል ነው። ደረጃ 3ን አስታውሱ።

የሁለተኛ ማረጋገጫው ስልክ ከጠፋባችሁ ባክአፕ ኮዶችን ፈልጉ። ጉግል ለምሳሌ ባለ 8 አኃዝ 10 ኮዶችን ይሰጣል፤ እያንዳንዱ የሚሠራው አንዴ ብቻ ነው። እነሱም ከሌሉ የመልሶ ማግኛውን ቅጽ ስትሞሉ ብዙ ጊዜ ትጠቀሙበት በነበረው መሣሪያ፣ በተለመደው ዋይፋይ፣ በተለመደው ቦታ ሁናችሁ ሙሉ። ድረ ገጹ እናንተ መሆናችሁን የሚገምተው ከእነዚህም ጭምር ነው። ቪፒኤን ከፍታችሁ ብትሞሉ ራሳችሁን ትጎዳላችሁ። ለረጅም ጊዜ ያልተነካ የጉግል አካውንት ከሆነ ደግሞ ሁለት ዓመት ሳይገባበት የቆየ የግል አካውንት ሊሰረዝ እንደሚችል እወቁ።

ሌላ ሰው ገብቶባችሁ ከሆነ ከአካውንቱ በፊት የኢሜላችሁን ፓስዎርድ ቀይሩ። ኢሜሉ በእጁ ከሆነ ሌላውን ሁሉ መልሶ ይወስዳል። ከዚያ የአካውንቱን ቀይሩ፤ «ከሁሉም መሣሪያ ውጣ» የሚለውን ንኩ። ሌባው የያዘው ኩኪ የሚሞተው ያኔ ነው። የመልሶ ማግኛው ስልክና ኢሜል የእናንተ መሆኑን እዩ። ኢሜላችሁ በአንድ የመረጃ ስርቆት ውስጥ ወጥቶ እንደሆነ ደግሞ ትሮይ ሃንት እ.ኤ.አ. በ2013 በከፈተው «ሃቭ አይ ቢን ፖውንድ» በተባለው ድረ ገጽ በነጻ ማየት ይቻላል።

ሰው በጭንቅ ላይ ሲሆን ለአታላይ ይመቻል። «የተቆለፈ አካውንት እናስመልሳለን» የሚሉ ሰዎች ማኅበራዊ ሚዲያ ላይ ሞልተዋል። ገንዘብ ተቀብለው ይጠፋሉ፤ አልያም ኮዳችሁን ተቀብለው የቀረውን ይወስዳሉ። እውነተኛ የድጋፍ ሠራተኛ የመግቢያ ኮዳችሁን አይጠይቅም። ፓስዎርድ ማኔጀር የምትጠቀሙ ከሆነ ደግሞ አንድ ጥሩ ምልክት አላችሁ። በራሱ ይሞላ የነበረው ዛሬ ዝም ካለ፣ በእጅ ከመጻፋችሁ በፊት አድራሻውን ፊደል በፊደል አንብቡ። ገጹ የተለመደው ይመስላል፤ አድራሻው ግን ሌላ ሊሆን ይችላል። ማኔጀሩ የሚያየው መልኩን ሳይሆን አድራሻውን ነው።

ለድጋፍ ክፍል ስትጽፉ

«መግባት አልቻልኩም፣ እርዱኝ» ብቻ ብላችሁ ከጻፋችሁ የሚመጣው መልስ «ኩኪዎን ያጽዱ» ነው። ይልቅ የሞከራችሁትን ንገሯቸው። የትኛው መሣሪያ፣ የትኛው ብሮውዘር፣ ስንት ሰዓት ላይ፣ ምን የሚል ጽሑፍ ወጣ፣ በሌላ መሣሪያና በሌላ ኢንተርኔት ሲሞከር ምን ሆነ። ስክሪንሹቱን አያይዙ። ኒንቴንዶ ስዊች ላይ ከሆናችሁ በሰረዝ የተከፈለው የስህተት ቁጥር አይቅር። ፓስዎርድና ኮድ በምንም ምክንያት አትጻፉ።

ከገባችሁ በኋላ ደግሞ ገጹን ሳትዘጉ አምስት ደቂቃ ስጡት። የደህንነት ሴቲንጉን ክፈቱ። የተመዘገበው ስልክ ቁጥር ዛሬም በእጃችሁ ያለ መሆኑን እዩ። ባክአፕ ኮዶቹን አውጡና በወረቀት ጽፋችሁ ስልካችሁ በማይቀመጥበት ቦታ አኑሯቸው።